የማን ልጅ ናት?

በ2007 ሜሪላንድ ውስጥ የአንድ ጋዝ ስቴሽን የሌሊት ካሸር ነበርኩ። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጠራው። 19 ዓመቴ ነበር፤ አሜሪካ ከገባሁ ገና ሁለተኛ ዓመቴ። ቀን ኮሌጅ እማራለሁ፣ ማታ ጥይት ከማይበሳው መስታወት ኋላ እቆማለሁ። ሲጋራውና ሎተሪው አጠገቤ፣ ቡናው ጥግ ላይ፣ የመጽሔት መደርደሪያው ደግሞ ፊት ለፊቴ። በሳምንት አንድ ሌሊት አከፋፋዩ በፕላስቲክ ማሰሪያ ጥርቅም ተደርጎ የታሰረ እሽግ በር ላይ ጥሎ ይሄዳል። ማሰሪያውን በካርቶን መቁረጫ ስበጥሰው ጧ ይላል። አዲሶቹን እደረድራለሁ፤ ያልተሸጡትን አሮጌዎች ቆጥሬ ተመልሰው እንዲወሰዱ አስቀምጣለሁ።

መደርደሪያው ሦስት እርከን ነበረው። ከላይ ዜናና መኪና። መሀል ላይ የፋሽኖቹ፣ ቮግና መሰሎቹ። ከታች፣ ጎንበስ ተብሎ የሚነሱት፣ ኪንግ፣ ስሙዝ፣ ኤክስኤክስኤል፣ ብላክ ሜን። የላይኞቹ ወራቸው እስኪያልፍ ይቀመጣሉ። የታችኞቹ በሁለት በሦስት ቀን ያልቃሉ። ሽፋናቸው ላይ ያሉት ሴቶች ጥቁርና ላቲና ናቸው። ወገባቸው ቀጭን፣ ዳሌያቸው ሰፊ፣ አስተያየታቸው ቀጥ ያለ። ሌሊቱን ሙሉ ፊት ለፊት ስንተያይ ነበር የምናድረው።

አብረውኝ የሚሠሩ አንድ ትልቅ ሰው ነበሩ። ጋሼ ነበር የምላቸው። አገር ቤት አስተማሪ ነበሩ። እሁድ ጠዋት ሥራ ልንለቅ ስንል ነጠላ የለበሱ የሐበሻ እናቶች ወደ ቤተ ክርስቲያን ሲሄዱ ቤንዚን ሊቀዱ ይገባሉ። ጋሼ ያኔ አንድ ጋዜጣ ያነሱና የታችኛውን እርከን ከዳር እስከ ዳር ይሸፍኑታል። እናቶቹ ሲወጡ ጋዜጣውን አጥፈው ቦታው ይመልሱታል። አንድም ቀን ስለዚህ ነገር ተነጋግረን አናውቅም።

አንድ ሌሊት ሁልጊዜ የሚመጣ አንድ ጥቁር አሜሪካዊ ወጣት ከታች መጽሔት አንስቶ መስታወቱ ላይ ለጠፈው። ከየት እንደመጣን ያውቃል። «ይቺ እኮ የእናንተ አገር ልጅ ናት» አለ። አየሁ። ግንባሯን አየሁ፣ ዓይኗን አየሁ። ምንም ማስረጃ አላስፈለገኝም። ጋሼ መነጽራቸውን ከደረት ኪሳቸው አወጡ። ረጅም ጊዜ አዩ። ከዚያ በአማርኛ፣ ለእኔ ብቻ፣ «የማን ልጅ ናት?» አሉ።

ይህን ጥያቄ የማያውቅ ሐበሻ የለም። ሠርግ ላይ ይጠየቃል፣ ለቅሶ ላይ ይጠየቃል፣ ቡና ላይ ይጠየቃል። አንዳንዴ ፍቅር ነው፣ ዘመድ ፍለጋ። አንዳንዴ ደግሞ ፍርድ ነው። የጋሼ የትኛው እንደነበር እስከዛሬ አልገባኝም። ድምፃቸው ውስጥ ሁለቱም ነበሩ።

ልጅቱ ያኔ ኤንጅል ሎላ ላቭ ትባል ነበር። በኋላ ራሷን ሎላ ሞንሮ ብላለች። የአባቷ ስም መላኩ ነው። አዲስ አበባ ተወልዳ ዋሽንግተን ዲሲ ያደገች ናት። በዚያ ዘመን ኧርባን ሞዴል ከሚባሉት ሴቶች ስማቸው በጣም ከታወቀው አንዷ ነበረች። እኛ ግን ስሟን የምናነሳው ድምፃችንን ዝቅ አድርገን ነበር። አንዲት ጥቁር ሴት የሽፋን ሴት ሆነች ሲባል ደስ የሚለን ሰዎች፣ የእኛዋ ስትሆን «እናቷ ምን ትል ይሆን?» አልን። እኔም ቡና ላይ ተቀምጬ ሰምቼ ዝም ብያለሁ። ያ ዝምታ ነው ይህን ሁሉ እንድጽፍ ያደረገኝ።

መጀመሪያ «ኧርባን» የሚለውን ቃል ላንሳ። እኛ ከተሜ ስንል የሠለጠነ፣ አራዳ ማለታችን ነው። አሜሪካ ውስጥ ግን የሬዲዮና የማስታወቂያ ሰዎች ቃሉን የሚጠቀሙት ጥቁር ላለማለት ነበር። ኧርባን ሬዲዮ፣ ኧርባን ልብስ፣ ኧርባን ሞዴል። ትርጉሙ ጥቁር፣ የሂፕ ሆፕ ሰፈር ማለት ነው። ግራሚ የሚባለውን የሙዚቃ ሽልማት የሚሰጡት ሰዎች ከአንድ ሽልማታቸው ላይ ይህን ቃል ያነሱት በ2020 ነው። እስከዚያ ድረስ ቃሉ እንደ አጥር ሲያገለግል ኖሯል። ሞዴል አንድ ሥራ ነው፤ ኧርባን ሞዴል ሌላ ሥራ፣ ሌላ ክፍያ፣ ሌላ መደርደሪያ።

ነገሩ ከሙዚቃ ቪዲዮ በፊትም ሥር ነበረው። ቺካጎ ውስጥ በ1951 የተመሠረተው ጄት የተባለው ትንሽዬ የጥቁሮች መጽሔት በየሳምንቱ አንዲት ቆንጆ በዋና ልብስ ያወጣ ነበር። ከፎቶዋ ሥር ስሟ፣ ከተማዋ፣ ሥራዋ፣ የምትወደው ነገር ይጻፋል። ነርስ ናት፣ ተማሪ ናት፣ ጸሐፊ ናት። ያ ገጽ ለእኔ «የማን ልጅ ናት?» ለሚለው ጥያቄ በፍቅር የተሰጠ መልስ ነው የሚመስለኝ። ሰዎች ገጹን ቆርጠው ግድግዳ ላይ ይለጥፉት ነበር። የሚለጥፉት ግን ስም ያላትን ሴት ነው።

የሙዚቃ ቪዲዮ ሲመጣ ስሙ ጠፋ። በ90ዎቹ መጨረሻ የሂፕ ሆፕ ክሊፕ የሚሠራበት ገንዘብ ሰማይ ነካ። ጀልባ፣ ደሴት፣ ሻምፓኝ። የጄይ ዚ «ቢግ ፒምፒን» የተቀረጸው ትሪኒዳድ ድረስ ተሄዶ ነው። ሴቶቹ በዚያ ሁሉ መሀል ሦስት ሰኮንድ ይታያሉ። ዘፋኙ ይታወቃል፣ ዳይሬክተሩ ይታወቃል፣ መኪናው እንኳ ስም አለው። እሷ «ያቺ ቢጫ የለበሰችው» ናት።

እኛም ከዚህ ነፃ አልነበርንም። እኔ አሜሪካ በገባሁ ሰሞን ሜሪላንድ ውስጥ ሲልቨር ስፕሪንግ ያሉ የሐበሻ ሱቆች በርበሬና ሽሮ ከሚሸጡበት መደርደሪያ ጎን የአማርኛ ዘፈን ቪሲዲና ዲቪዲ ይደረድሩ ነበር። እኔና እህቴ እንገዛለን፣ አይተን አይተን ሲዲው እስኪጫጫር እናያለን። እስክስታ የምትወርደዋን፣ አንገቷ እንደ ውሃ የሚፈሰውን ልጅ አሁንም አስታውሳታለሁ። በአምስት ዘፋኞች ክሊፕ ላይ አይቻታለሁ። ስሟን አላውቅም። ሽፋኑን ገልብጬ ፈልጌ አጥቻለሁ።

ዲቪዲ ይህን ነገር እንዴት እንደለወጠው ብዙ ሰው ልብ የሚል አይመስለኝም። አሜሪካ ገበያ ላይ የዋለው በ1997 ነው። አንዱ ዲስክ 4.7 ጊጋባይት ይይዛል፤ ሁለት ሰዓት ገደማ ጥሩ ምስል ማለት ነው። እሱ አይደለም ግን ቁም ነገሩ። የቪዲዮ ካሴት ስታቆሙት ምስሉ ይንቀጠቀጣል፣ መስመር ይጋደምበታል። ዲቪዲ ስታቆሙት ምስሉ እንደ ፎቶ ጥርት ብሎ ይቆማል። ያቺ ሦስት ሰኮንድ የነበራት ሴት ለመጀመሪያ ጊዜ ቆመች። ተመልካቹም አያትና «ይቺ ማን ናት?» አለ። ይህ ጥያቄ ነው ሥራውን የወለደው።

ከዚያ በኋላ የሆነው ፈጣን ነው። ባዶ ዲስክ በሃምሳና በመቶ በፕላስቲክ ዘንግ ተሰክቶ በርካሽ ይሸጣል። አንድ ካሜራ፣ አንድ ኮምፒውተር፣ አንድ መገልበጫ ያለው ሰው አሳታሚ መሆን ቻለ። ኒው ዮርክ ውስጥ ኩዊንስ ላይ የተጀመረው ስማክ ዲቪዲ የራፐሮችን ቃለ ምልልስና ፉክክር ከመንገድ ቀርጾ በመንገድ ይሸጥ ነበር። እሱን የመሰሉ ብዙ ነበሩ። ከነሱ ጎን የሞዴሎቹ ዲቪዲ መጣ፤ የቀን መቁጠሪያ ፎቶ ሲነሱ የተቀረጸ፣ ባሕር ዳር የተቀረጸ፣ መሀል መሀሉ ላይ ቃለ ምልልስ ያለበት። እኛ ጋዝ ስቴሽን በር ላይ አንድ ጥቁር የስፖርት ቦርሳ የያዘ ሰው ዓርብ ዓርብ ይቆም ነበር። ሦስቱን ዲስክ በአንድ ዋጋ ይሰጣል። የሰፈሩ ፀጉር ቤት ውስጥ እነዚሁ ዲስኮች ከሰዓት እስከ ማታ ይሽከረከራሉ።

አንዱን ገዝቼ ቤት ወስጃለሁ። እናቴ ሌሊት ሥራ በገባችበት ቀን፣ እህቴ እንቅልፍ ከወሰዳት በኋላ፣ ድምፁን ቀንሼ አየሁት። የጠበቅኩት ሌላ ነበር። ግማሹ ሰዓት ጥበቃ ነው። ልጅቱ ገላዋን በቅባት አስቀብታ ነፋስ ላይ ቆማ መብራት እስኪስተካከል ትጠብቃለች። ፎቶ አንሺው ይጮኻል። እሷ ጃኬት ደርባ ከወረቀት ሰሃን ላይ በቆመችበት ትበላለች። ከዚያ ካሜራው ተጠጋና ሥራሽ ምንድነው አላት። የባንክ ካሸር ነበርኩ፣ ልጅ አለኝ፣ ቤት መግዛት ነው የምፈልገው አለች። እኔም ካሸር ነኝ። ዲስኩን ወደኋላ መልሼ ያቺን ቦታ ሦስት ጊዜ አየኋት።

መጽሔቶቹም ስም ማውጣት ጀመሩ። ኪንግን ያሳትም የነበረው ኤክስኤክስኤልን የሚያሳትመው ሃሪስ የተባለው ድርጅት ነበር። ሽፋን ላይ የምትወጣው ዘፋኝ ወይም ተዋናይት ብቻ መሆኗ ቀረ። በሙዚቃ ቪዲዮ የታወቀችዋ ራሷ በስሟ ወጣች። ሜሊሳ ፎርድ ከቶሮንቶ መጣች፤ ዮርክ ዩኒቨርሲቲ የተማረች፣ በራፐሩ ሚስቲካል ቪዲዮ የታየች፣ በኋላም በቴሌቪዥን የፋሽን ፕሮግራም ያቀረበች። ቡፊ ካሩት ደግሞ አቴንስ ከምትባል የጆርጂያ ከተማ። ቡፊ ዘ ባዲ አሏት፣ ፎቶዋ በኢንተርኔት እንደ ሰደድ እሳት ተዛመተ፣ በ2005 በራፐሩ ቶኒ ዬዮ ቪዲዮ ላይ መጣች። ከጆርጂያ የተነሳች፣ ኤጀንሲ የሌላት ልጅ ናት። ማንም በር አልከፈተላትም።

ስም ካገኙ በኋላ የሠሩትን ሥራ ዛሬ ዓለም ሁሉ ይሠራዋል። የራሳቸውን ድረ ገጽ ከፈቱ። የራሳቸውን የቀን መቁጠሪያ አሳትመው በፖስታ ላኩ። ክለብ ውስጥ እንግዳ ሆነው ለመቅረብ ዋጋ ተደራደሩ። ማይስፔስ በተባለው የያኔ ማኅበራዊ ገጽ ላይ ለአድናቂ በየቀኑ መለሱ፣ አድናቂውን ወደ ገበያቸው ወሰዱ። ኢንስታግራም የተባለ ነገር ከመፈጠሩ በፊት ነው ይህ ሁሉ። አሁን ኢንፍሉዌንሰር የሚባለውን ሥራ ደንብ ያወጡት እነሱ ናቸው ብዬ አምናለሁ። ይህን የሚጠራጠር ሰው ካለ የሠሩትን አንድ በአንድ ቆጥሬ ላሳየው ዝግጁ ነኝ።

ገንዘቡስ? እዚህ ላይ ነው ልቤ የሚቆስለው። በአሜሪካ ሕግ ሌላ ውል ከሌለ የፎቶው ባለመብት ያነሳው ሰው ነው፤ የተነሳችው አይደለችም። ከሥራው በፊት ወይም በኋላ አንድ ወረቀት ይሰጧታል፣ ትፈርማለች። ከዚያ በኋላ ያ ፎቶ ፖስተር ይሆናል፣ የዲቪዲ ሽፋን ይሆናል፣ ክለብ በር ላይ የሚበተን ወረቀት ይሆናል። ደረቷ፣ ፊቷ፣ ዳሌዋ የራሷ ነው፤ ምስሉ ግን የሌላ ሰው ንብረት ነው። የተገለበጠው ዲስክ ሲጨመርበት ደግሞ ማን ይከሰሳል? ያ ቦርሳ የያዘው ሰው ለማንም አይከፍልም ነበር።

ክርክሩም ከባድ ነበር፤ ክርክሩን ዘልዬ ብሄድ ደግሞ መዋሸት ይሆንብኛል። ቢኢቲ የተባለው የጥቁሮች ቴሌቪዥን ከ2001 እስከ 2006 ሌሊት ላይ «አንከት» የሚል ፕሮግራም ያሳይ ነበር። በቀን የማይታዩት ቪዲዮዎች የሚወጡት እዚያ ነው። ከነሱ በጣም የታወቀው የራፐሩ የኔሊ «ቲፕ ድሪል» ነው። ዘፋኙ የባንክ ካርድ በአንዲት ሴት መቀመጫ መሀል ሲያሳልፍ ያሳያል። በ2004 አትላንታ ያለው የስፔልማን ኮሌጅ ተማሪዎች፣ ጥቁር ሴቶች የሚማሩበት ኮሌጅ ነው፣ ተቃወሙ። ነገሩን የሚያከብደው ኔሊ ወደ ኮሌጁ ሊመጣ የነበረው ለደግ ነገር መሆኑ ነው። እህቱ የደም ካንሰር ነበረባት፤ የአጥንት መቅኒ ለጋሾችን ሊያስመዘግብ ነበር። ተማሪዎቹ ና፣ ግን ስለ ቪዲዮውም አብረን እንነጋገር አሉ። ዝግጅቱ ተሰረዘ። እህቱ በ2005 አረፈች። በዚያው ዓመት ኤሰንስ የተባለው የጥቁር ሴቶች መጽሔት ሙዚቃችንን እንመልስ የሚል ዘመቻ ከፈተ።

ስለዚህ ታሪክ ባሰብኩ ቁጥር ተማሪዎቹ ትክክል ነበሩ እላለሁ። የካርዷ ምስል ዛሬም ታሳምመኛለች። ግን አንድ ነገር ጎድሎ ይታየኛል። ዘፋኙ ተናገረ፣ ተማሪዎቹ ተናገሩ፣ ጋዜጠኛው ተናገረ። ካርዱ ያለፈባት ሴት ምን አለች? ያኔ ስለ እሷ የሚያወራው ሁሉ የራሱን ሐሳብ ነበር የሚያወራው። በሙዚቃ ቪዲዮ ከሚታዩት ሴቶች አንዷ ካሪን ስቴፋንስ በ2005 የራሷን ሕይወት ጽፋ አሳተመች፤ መጽሐፉ እንደ ጉድ ተሸጠ። አገሩ በሙሉ ከማን ጋር ተኝታለች የሚለውን አነበበ። ልጅ ሆና የደረሰባትን መደፈርና ዱላ የጻፈችበትን ምዕራፍ ግን ሰዎች ሲያወሩበት አልሰማሁም።

ደግሞ የሰጧቸው ስም። ቪክሰን። እንግሊዝኛዬ ገና ስለነበር መዝገበ ቃላት ከፈትኩ፦ ሴት ቀበሮ። በተረቶቻችን ቀበሮ ምን እንደምትሠራ እናውቃለን። ሌሊቱን ሙሉ ነፋስ ላይ ቆማ የሠራችን ሴት፣ ልጅ የምታሳድግን ሴት፣ እንዴት ቀበሮ ይሏታል? ስታታልል እኮ አላየኋትም። ስትሠራ ነው ያየኋት።

አሁን ወደ መደርደሪያው ልመለስ። መሀለኛው እርከን ላይም የእኛ ልጅ ነበረች። ሞዴሏ ሊያ ከበደ። የፈረንሳይ ቮግ በግንቦት 2002 አንድ ሙሉ እትሙን ለእሷ ሰጠ። በ2003 የመዋቢያ ኩባንያው ኤስቴ ላውደር ፊቴ ሁኚ አላት፤ በኩባንያው ታሪክ የመጀመሪያዋ ጥቁር። ሐበሻው ሁሉ ኮራ፣ እኔም ኮራሁ፣ አሁንም እኮራለሁ። ጋሼ የሊያ ሽፋን በመጣ ጊዜ አንድ ገዝተው ቤታቸው ወስደዋል። ለሊያ የተጠየቀው «የማን ልጅ ናት?» የዘመድ ፍለጋ ነበር። ለሎላ የተጠየቀው ሌላ ነበር። አንድ ከተማ የተወለዱ ሁለት ልጆች፣ በአንድ መደርደሪያ፣ በሁለት ስንዝር ርቀት።

ልዩነቱ ልብስ ነው የሚል ይኖራል። ልብስ ብቻ ግን አልነበረም። የፋሽኑ ዓለም በር የሚከፍተው ለቀጭን ነው። የእኛ አገር ሴት ብዙውን ጊዜ ቀጭን ትሆናለች፤ ስለዚህ ጥቁር ብትሆንም በዚያች ጠባብ በር ታልፋለች። ዳሌ ያላት ጥቁር ሴት አታልፍም። ኧርባን የሚለው መደርደሪያ የተፈጠረው በር ለተዘጋባት ለእሷ ነው።

እኔ ራሴ ቀጭን አይደለሁም። አዲስ አበባ ሳለሁ ይህ ችግር ሆኖ አያውቅም ነበር። አክስቶቼ ከክረምት መልስ ሲያገኙኝ ጉንጬን ቆንጠጥ አድርገው «ውይ፣ ወፈርሽ፣ አማረብሽ!» ይላሉ። ምስጋና ነው፣ ምርቃት ነው። ከስተሻል ማለት ነው ክፉ ቃል፤ ታመሽ ነው ወይ፣ ምን ነካሽ ማለት ነው። አሜሪካ በመጣሁ በስድስት ወር ውስጥ ቃሎቹ ቦታ ተለዋወጡብኝ። ኮሌጅ ውስጥ ያሉት ሐበሻ ልጆች «ወፈርሽ» ሲሉኝ ማዘናቸው ነው። ሱሪ ገበያ ወጥቼ ወገቡ ሲሆን ዳሌው አይገባም፣ ዳሌው ሲገባ ወገቡ ይሰፋል። መለኪያ ክፍል ውስጥ ቆሜ አልቅሻለሁ። ከዚያ ማታ ሥራ እገባለሁ፣ የታችኛው እርከን ላይ እኔን የመሰለች ሴት ቀና ብላ ታየኛለች። ማንም ይናቃት፣ እኔን ያን ዓመት ቀጥ አድርጋ ያቆመችኝ እሷ ናት። ይህን ለእናቴ ብነግራት ኖሮ ምን እንደምትል እንጃ። አልነገርኳትም።

ከዚያ ሁሉም ነገር በአንድ ጊዜ ተናደ። በ2008 ኢኮኖሚው ሲወድቅ ማስታወቂያ ጠፋ። ኪንግ በ2009 ተዘጋ። ዩቲዩብ ዲስኩን ገደለው፤ ቦርሳ የያዘው ሰው አንድ ዓርብ ቀረ፣ ከዚያ በኋላ አላየሁትም። ኢንስታግራም በ2010 መጣ። ጄትም በ2014 መታተም አቆመ። የመደርደሪያችን የታችኛው እርከን ባዶውን ሆነ፤ የመኪና መስታወት ማጽጃ ፈሳሽ ደረደሩበት።

እና ልክ ያኔ፣ መጽሔቶቹ ከተነሱ በኋላ፣ ያ ገላ ፋሽን ሆነ። የቮግ ድረ ገጽ በመስከረም 2014 የትልቅ መቀመጫ ዘመን ደረሰ የሚል ጽሑፍ አወጣ። ጥቁር ሴቶች ለማን ነው የደረሰው ብለው ተቆጡ። ተገቢ ቁጣ ነው። በዚያው ዓመት ኪም ካርዳሺያን በፔፐር መጽሔት ሽፋን ላይ ወጣች፣ ዓለም ተንጫጫ። እኔ አንብቤ የታችኛው እርከን ትዝ አለኝ። አሥር ዓመት ሙሉ ጎንበስ ተብሎ ሲነሳ የነበረውን ነገር ዛሬ ወደ ላይኛው አውጥተው አዲስ ነው አሉን።

ዋጋውም የሚከፈለው በገላ ነው። ያንን ቅርጽ ለማግኘት ስብ ከሆድ ተመጥጦ ወደ መቀመጫ የሚወጋበት ቀዶ ሕክምና ተስፋፋ። ስቡ ወደ ትልቅ የደም ሥር ከገባ ሳንባ ወይም ልብ ድረስ ሄዶ ይገድላል። በወቅቱ ከ3,000 ሴቶች አንዷ ትሞታለች ተብሎ ተገመተ፤ በ2018 የብሪታንያ የውበት ፕላስቲክ ቀዶ ሐኪሞች ማኅበር አባላቱን ይህን ሥራ አቁሙ አለ። የእህቴ ልጅ 16 ዓመቷ ነው። ስልኳ ላይ እነዚህን ገላዎች ስታይ አጠገቧ እቀመጣለሁ። ይቺ ምንድነው የምትሸጠው፣ ፎቶውን ማን አነሳላት፣ የማን ነው እላታለሁ። መጀመሪያ ይሰለቻት ነበር፤ አሁን ራሷ ቀድማ ትጠይቀኛለች።

ሎላ ወደ ራፕ ዞረች። በ2011 የራፐሩ የዊዝ ካሊፋ የሙዚቃ ቡድን ቴይለር ጋንግ ውስጥ ገባች፤ ማይክ ይዛ በራሷ ድምፅ ተናገረች። ሜሊሳ ፎርድ ከዓመታት በኋላ ብዙ ሰው በሚሰማው ፖድካስት ላይ ወንበር ይዛ ስትከራከር ሰምቻታለሁ። ስሰማት እንደ አብሮ አደግ ነው ደስ የሚለኝ።

አንድ ሌሊት ግን ከሁሉም በላይ ትዝ ይለኛል። ክረምት ነው፣ ውጭው በረዶ። ከሌሊቱ ስድስት ሰዓት ገደማ አንዲት ልጅ የሆስፒታል ረዳት ዩኒፎርም ላይ ካፖርት ደርባ ገባች። በቀጥታ ወደ መጽሔቱ ሄደች። ከአንዱ መጽሔት አምስት ነው የነበረን፤ አምስቱንም አንስታ መስታወቱ ሥር አስቀመጠች። ሂሳብ ስመታ እጇ ይንቀጠቀጣል። ብርድ መስሎኝ ነበር።

«ሁሉንም?» አልኳት።

«ውስጡ አለሁ» አለችኝ።

መስታወቱ ሥር ባለው ቀዳዳ አንዱን ገፋችልኝ። ገለጥኩት። ከኋላ፣ አዳዲስ ፊቶች በሚወጡበት ገጽ፣ ሩብ ገጽ ያክል። ቀይ የዋና ልብስ፣ ነጭ ግድግዳ። በጣም ቆንጆ ነበረች። ቆንጆ ነሽ አልኳት። ኒው ዮርክ ድረስ በአውቶቡስ እንደሄደች፣ ጸጉሯንና ሜካፑን በራሷ ገንዘብ እንዳሠራች፣ ለፎቶው እንዳልተከፈላት፣ አንድ ቅጂ እንልክልሻለን ብለው እንዳልላኩላት ነገረችኝ። በምሬት አይደለም የነገረችኝ። መጽሔቱን እንደ ሕፃን ነበር የያዘችው።

ከዚያ ገጹን ራሷ አየችው። ያየችው ለመጀመሪያ ጊዜ ነበር። ዝም አለች። ጣቷን ከፎቶው ሥር ካለው ጽሑፍ ላይ አሳረፈች።

ስሟን አሳስተውታል። አንድ ፊደል ጨምረውበት፣ አንዱን ገድፈው ሌላ ሰው አድርገዋታል።

ጋሼ ከቡናው ጥግ ሆነው ያያሉ። መጡ። ደረት ኪሳቸው ውስጥ ሁልጊዜ የሚሰኩትን ሰማያዊ እስክሪብቶ አውጥተው በቀዳዳው አሳለፉላት። ምንም አላሉም። ልጅቱ አምስቱንም አንድ በአንድ ገለጠች። የታተመውን ስም በአንድ ቀጭን መስመር ሰረዘች፣ ከላዩ የራሷን ጻፈች። ከሥሩ የእናቷን ስም ጨመረች። አራቱን ካፖርቷ ውስጥ ከተተች፣ አምስተኛውን ለእኔ ተወችልኝ። እስክሪብቶውን በሁለት እጇ ለጋሼ መለሰች።

መጽሔቱ አሁንም አለኝ። ስሟን እዚህ አልጽፈውም፤ የእሷ ነው። ወረቀቱ ቢጫ ሆኗል፣ ቀዩ የዋና ልብስም ወደ ብርቱካናማ ሄዷል። ሰማያዊው ቀለም ግን አለ።